ፍርድ ቤት ጉዳዬ ዘገየብኝ፣ የበላዩ ፍርድ ቤት ምን ይለኛል? (ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች)

የምኖረው ከአያት ወዲያ፣ የካ አባዶ ነው። ጠበቃ አይደለሁም። ግን ቤት ልገዛ የከፈልኩትን ቀብድ ለማስመለስ አራት ዓመት ከመንፈቅ ተሟግቻለሁ። ከዚያ ወዲህ ከብሎካችን ፍርድ ቤት ጉዳይ ያለው ሰው ሁሉ አንድ ቀን በሬን ያንኳኳል። የሁሉም ጥያቄ ተመሳሳይ ነው፤ «የበላዩ ፍርድ ቤት የታችኛውን ቶሎ በል ብሎ ማዘዝ አይችልም ወይ?» የሚል። ደጋግሜ ከማወራው አንዴ ልጻፈው ብዬ ነው። ሕጉን ራሴ አንብቤዋለሁ፣ ያልገባኝን ጠበቃዬ አስረድቶኛል። ለራስዎ ጉዳይ ግን ባለሙያ ያማክሩ።

መዝገቤ ሦስት ዓመት ሊሞላው ነው። የበላይ ፍርድ ቤት «ቶሎ ጨርስ» ብሎ ሊያዝልኝ ይችላል?

ነገሩን ለሁለት እንክፈለው። የበላይ ፍርድ ቤት እንደ ችሎት ተቀምጦ፣ ገና በሥር ፍርድ ቤት እየታየ ባለ መዝገብ ውስጥ እጁን አያስገባም። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 79 ዳኛ ከሕግ በቀር በማንም አይመራም ይላል። ያ ጥበቃ የእርስዎም ጥበቃ ነው። ዛሬ «ቶሎ በል» የሚል ስልክ የሚደውል ካለ፣ ነገ «ለእገሌ ፍረድ» የሚልም አይጠፋም።

በአስተዳደር በኩል ግን መንገድ አለ። ፍርድ ቤት ፕሬዚዳንት አለው። ዳኛ የሚመድበው፣ ዳኛ የሌለውን ችሎት የሚሞላው፣ መዝገብ የተከመረበትን የሚከታተለው እሱ ነው። አዋጅ 1234/2013 የፌዴራል ፍርድ ቤቶችን እንደገና ሲያደራጅ የጉዳዮች ፍሰት አስተዳደር የሚባለውንም አብሮ አስገብቷል። አንድ መዝገብ ከተከፈተበት እስከሚዘጋበት ድረስ ዝም ተብሎ እንዳይተኛ መከታተል ማለት ነው። ስለዚህ የሚጠይቁት «ፍረዱልኝ» ሳይሆን «መዝገቤን አንቀሳቅሱልኝ» ከሆነ የሚሰማዎ አለ።

በቀጠሮው ላይ ይግባኝ ብልስ?

አይሆንም። ብዙ ሰው ገንዘቡን የሚያባክነው እዚህ ላይ ነው። የ1958 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ በቁጥር 320 ንዑስ ቁጥር 3 ላይ በግልጽ አስቀምጦታል። ቀጠሮ በመስጠት፣ በመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያ (ወደ ዋናው ጉዳይ ሳይገባ ክሱን ለማስቆም በሚነሳ መቃወሚያ)፣ ማስረጃ በመቀበል ወይም ባለመቀበል ላይ በተሰጠ ትዕዛዝ ወዲያው ይግባኝ አይባልም። ቅሬታዎን ይዘው ይቆያሉ። የመጨረሻው ፍርድ ሲሰጥ ያኔ ከይግባኙ ጋር አብሮ ይነሳል።

ከዚህ የተለዩ ነገሮች አሉ። ሰው እንዲታሰር ወይም ንብረት ከአንዱ እጅ ወደ ሌላው እንዲዛወር ትዕዛዝ ከተሰጠ ወዲያው ይግባኝ ይቻላል። ቀጠሮ መራዘም ግን ከእነዚህ ውስጥ የለም።

ሕጉ ክፉ ሆኖ አይደለም። በእያንዳንዱ ቀጠሮ ላይ ይግባኝ ቢፈቀድ ኖሮ የሚጠቀመው ማን ነው? ማዘግየት የሚፈልገው ወገን ነዋ። ተከሳሽዎ በየወሩ ይግባኝ እያለ መዝገቡን ወደ ላይ ሲያመላልሰው ያስቡት።

ታዲያ ወደ ማን ልሂድ?

መጀመሪያ ወደ ራሱ ችሎት ነው። ሰው ይህን ይዘለዋል፤ ዳኛውን መጠየቅ ድፍረት ይመስለዋል። ድፍረት አይደለም። ቀጠሮው ሩቅ ከሆነና አሳማኝ ምክንያት ካለዎ (ሊሞት የደረሰ ምስክር፣ ሊሸጥ የተዘጋጀ ንብረት፣ የሚከፈል የልጅ ቀለብ) ቀጠሮው እንዲያጥርልዎ በጽሑፍ ያመልክቱ። አንዳንዴ ይቀበሉታል።

እሱ ካልሠራ ወደ ምድብ ችሎቱ ኃላፊ፣ ከዚያ ወደ ፍርድ ቤቱ ፕሬዚዳንት ጽሕፈት ቤት። እዚያም አቤቱታዎ በጽሑፍ ይሁን፤ ገቢ የሆነበትን ቁጥር ይያዙ። በቃል የተነገረ ቅሬታ በር ሲዘጋ አብሮ ያልቃል።

ጉዳዩ መዘግየት ብቻ ሳይሆን የሥነ ምግባር ጥፋት አለበት ብለው የሚያምኑ ከሆነ የፌዴራል ዳኞች አስተዳደር ጉባኤ አለ። በአዋጅ 1233/2013 ነው የሚሠራው። የዲሲፕሊን ክስ እሱ ጋ ይታያል። ግን እዚህ ላይ ልብ ይበሉ፤ ጉባኤው ፍርድዎን አይቀይርም፣ የርስዎንም መዝገብ አይወስንም። ዳኛው ላይ ነው የሚያየው። «ውሳኔው ስላልጣመኝ» ተብሎ የሚኬድበት ቦታ አይደለም።

አቤቱታው ላይ ምን ልጻፍ?

ፍርድ ቤት በር ላይ ራፖር ጸሐፊዎች አሉ። እጃቸው ፈጣን ነው፣ ሆዳቸው ሩኅሩኅ ነው፣ አንደበታቸው ግን ይረዝማል። የእኔን የመጀመሪያ አቤቱታ የጻፈልኝ ሰው ሁለት ገጽ ሙሉ «እንባዬን እያዘራሁ፣ ከሰው በታች ሆኜ» ሲል አሰፈረልኝ። መዝገብ ቁጥሬ የነበረው ታች ጥግ ላይ ነው። ምን እንደተፈጠረ ላውጋዎት? ምንም።

ሁለተኛውን ራሴ ጻፍኩት። ግማሽ ገጽ። ከዋናው አንቀጽ ይኸው፦

«ክሱ የተከፈተው ጥር 2012 ዓ.ም. ነው። እስከ ዛሬ 11 ጊዜ ተቀጥሯል። 4ቱ ቀጠሮዎች ዳኛ ባለመኖሩ፣ 5ቱ ከመሬት ይዞታ ጽሕፈት ቤት የታዘዘው ማስረጃ ባለመምጣቱ፣ 2ቱ ተከሳሽ ባለመቅረቡ የተለወጡ ናቸው። ምስክሮች ተሰምተዋል። ለውሳኔ የቀረው ይኸው ማስረጃ ብቻ ነው።»

ይህን ስጽፍ ለራሴም ነገሩ ፍንትው አለልኝ። ሁለት ዓመት ሙሉ ዳኛውን ስረግም ኖሬ፣ መዝገቤን ያሰረው ግን ከአሥራ አንዱ አምስቱን የበላው የአንድ ቢሮ ደብዳቤ ነበር። የፕሬዚዳንቱ ጽሕፈት ቤት ያየልኝም ቁጥሩን ነው። «ዘገየብኝ» የሚለውን ቃል በየቀኑ ይሰማሉ። «አምስት ጊዜ በዚህ ምክንያት» የሚለውን ግን ዝም ብሎ ማለፍ ይከብዳል።

ለዚህ ነው ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ትንሽ ደብተር ይያዙ የምለው። ቀጠሮ በተሰጠ ቁጥር ሦስት ነገር ይጻፉ፦ ቀኑን፣ የተለወጠበትን ምክንያት፣ የሚቀጥለው ቀጠሮ *ለምን* እንደሆነ። ክስ ለመስማት ነው? ለምስክር ነው? መዝገቡን መርምሮ ውሳኔ ለመስጠት ነው? ጸሐፊዋ በኮሪደር ወጥታ «የእነ እገሌ መዝገብ፣ ለሐምሌ 9» ብላ ትገባለች። ሰው ሁሉ ቀኑን ብቻ ይዞ ይበተናል። ተከትለው «እህቴ፣ ለምን ተቀጠረ?» ይበሉ። ብዙ ጊዜ ትነግርዎታለች። አንዴ ከአያት በባቡር ተሳፍሬ፣ ጠዋት ሁለት ሰዓት ተኩል ደርሼ፣ እስከ ስድስት ሰዓት አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀምጬ የተቀጠርኩት «ውጤት ለመጠባበቅ» ተብሎ ነው። የምንን ውጤት? የደብዳቤውን። ደብዳቤው ደግሞ ገና ወጪ እንኳ አልሆነም ነበር።

ዳኛው አቤቱታዬን ሰምተው ቂም ቢይዙብኝስ?

ይህን የማይጠይቀኝ የለም። ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው ነው የሚጠይቁኝ፣ ልክ ዳኛው ደረጃው ላይ የቆሙ ይመስል። እውነቱን ልናገር፤ እኔም ፈርቼ ነበር። ግን ሁለት ነገር ይለያያል። «ዳኛው ጉቦ በልተው ነው» ብለው ያለማስረጃ ከጻፉ፣ ራስዎን ችግር ውስጥ ይከታሉ። «መዝገቤ ይህን ያህል ጊዜ በዚህ ምክንያት ተቀጥሯል» ካሉ ግን መዝገቡ ራሱ የሚለውን ነው የደገሙት። ማንንም አልሰደቡም። ዳኞችም ቢሆኑ የተከመረ መዝገብ እንዲቀልላቸው ይፈልጋሉ።

ለመሆኑ በከተማው ዳር ያለን ሰዎች ጉዳይ ለምን ይብሳል?

ስለ ሌላው ሰፈር አላውቅም። በእኛ በኩል ምክንያቱ አፈሩ ነው እላለሁ። የካ አባዶ፣ ቱሉ ዲምቱ፣ ሃና ማርያም፣ አሸዋ ሜዳ... ጉዳዩ ሁሉ ዞሮ ዞሮ መሬት ወይም ቤት ነው። የገበሬ ይዞታ የነበረ፣ በውል የተሸጠ፣ ሰነድ አልባ የነበረ፣ በኋላ ካርታ የወጣለት፣ ካርታው የታገደ። ፍርድ ቤት ይህን ለማወቅ ከቢሮ ማስረጃ ያስፈልገዋል። ቢሮው ደግሞ ተከፍሏል፣ ተዛውሯል፣ ወደ አዲስ ክፍለ ከተማ ሄዷል። ለሚ ኩራ በ2013 ዓ.ም. ክፍለ ከተማ ሆኖ ሲወጣ «ፋይልዎ ወደዚያ ሄዷል» የተባለውን ሰው ብዛት እኔ አውቃለሁ። እዚያ ሲሄድ ደግሞ «አልተረከብንም» ይባላል። አልሸሹም ዞር አሉ።

መውጫው ይኸውልዎት። በሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 145 መሠረት ፍርድ ቤቱ መዝገብ ወይም ሰነድ ከመንግሥት ቢሮ እንዲቀርብ ያዛል። ትዕዛዙ ሲወጣ «ይደርሳል» ብለው ቤትዎ አይግቡ። ለማድረስ እንዲፈቀድልዎ ይጠይቁ። ገቢ ያስደርጉ። የገቢውን ቁጥር ለችሎቱ ያቅርቡ። በሚቀጥለው ቀጠሮ መልስ ካልመጣ «እንደገና ይጻፍ» አይበሉ፤ «በዚህ ቀን በዚህ ቁጥር ደርሷቸዋል፣ ኃላፊው ቀርበው ያስረዱልኝ» ይበሉ። በእኔ መዝገብ አምስት ቀጠሮ የበላው ደብዳቤ ኃላፊው ይቅረቡ ከተባለ በኋላ በአሥራ ሁለተኛው ቀን መጣ። ኃላፊው ራሳቸው አልመጡም፤ ወረቀቱ መጣ።

ተከሳሹ መጥሪያ አልቀበልም ይላል፣ ይጠፋል።

ቤቱ ካልተገኘ ወይም ከተደበቀ በጋዜጣ እንዲጠራ ይጠይቁ። አዲስ ዘመን ላይ የምታዩዋቸው እነዚያ ትናንሽ ጥሪዎች እነሱ ናቸው። ተጠርቶ ካልቀረበ በቁጥር 70 መሠረት ክሱ በሌለበት ይታያል። በሌለበት የተፈረደበት ሰው ግን በአንድ ወር ውስጥ በቂ ምክንያት አለኝ ብሎ ሊያስነሳ ይችላል (ቁጥር 78)። ስለዚህ መጥሪያው በትክክል መድረሱን ያረጋግጡ፤ በኋላ መልሶ ከሚያደክምዎ። እርስዎ ከሳሽ ሆነው ከቀሩ ደግሞ መዝገቡ ሊዘጋ ይችላል። ታክሲ አጣሁ አይሠራም።

ቤቴ ያለው በመንገዱ ወዲያ ማዶ ነው። የትኛው ፍርድ ቤት ነው የኔ?

ይህ ቀልድ አይደለም። ከእኛ ሠፈር ወጣ ብለው ሲሄዱ አስፋልቱ አንድ ነው፤ ግራና ቀኙ ግን ሁለት አስተዳደር ሊሆን ይችላል። የማይንቀሳቀስ ንብረት ክርክር ንብረቱ ባለበት አካባቢ ፍርድ ቤት ነው የሚታየው። ሰበታ፣ ቡራዩ፣ ለገጣፎ ለገዳዲ፣ ሱሉልታና ገላን በ2015 ዓ.ም. ሸገር ከተማ ሲመሠረት ውስጡ ገብተዋል። ስለዚህ እዚያ ያለ ቤት ክርክር የሚሄደው ወደ ኦሮሚያ ፍርድ ቤቶች ነው፤ ችሎቱም በአፋን ኦሮሞ ነው። ቋንቋውን የማይችሉ ከሆነ አስተርጓሚ እንደሚያስፈልግዎ ቀድመው ይናገሩ፤ በቀጠሮው ቀን ከተናገሩ አንድ ቀጠሮ ሄደ ማለት ነው።

ከአዲስ አበባ ውስጥ ደግሞ ሁለት በር አለ። የወራሽነት ማስረጃ፣ የይዞታ ክርክር፣ የቀበሌ ቤት የመሳሰለው የከተማው ፍርድ ቤቶች ጉዳይ ነው። የውል፣ የገንዘብ፣ የንብረት ክስ በአብዛኛው የፌዴራል ነው፤ እስከ 10 ሚሊዮን ብር የሆነው የፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ፣ ከዚያ በላይ የሆነው ከፍተኛ ፍርድ ቤት።

በ2014 ዓ.ም. የከተማውና የኦሮሚያ ወሰን ሲካለል አንዳንድ ሰው ሳይንቀሳቀስ አስተዳደሩ ተቀይሯል። ክስ ከመክፈትዎ በፊት ቦታው ዛሬ የማን እንደሆነ ያጣሩ። ስህተት በር ያንኳኳ ሰው ዓመት ተሟግቶ «ይህ ፍርድ ቤት ሥልጣን የለውም» ይባላል፣ እንደገና ከአንድ ይጀምራል። ከዚህ የባሰ መዘግየት የለም፤ ለዚህም አቤት የሚባልበት ቦታ የለም።

ይግባኝ ብዬ የበላዩ ፍርድ ቤት «እንደገና ይታይ» ብሎ ወደ ሥር መለሰልኝ። አሁንስ?

እዚህ ላይ ነው የበላዩ ፍርድ ቤት የታችኛውን በእርግጥ የሚያዘው። ይግባኝ ሰሚው በቁጥር 341 መሠረት ውሳኔውን ሽሮ ይመልሳል፣ ወይም በቁጥር 343 ነጥብ ለይቶ «ይህን አጣርተህ ወስን» ይላል። የሥር ፍርድ ቤት ይህን መከተል ግዴታው ነው። ስለዚህ ቀጠሮ እንዲያጥር መጠየቅ ካለብዎ ያኔ ይጠይቁ፤ ይግባኝ ሰሚው ፊት «መዝገቡ ስድስት ዓመት የቆየ ስለሆነ በአጭር ቀጠሮ እንዲታይ» ብሎ መጠየቅ ነውር የለውም።

ችግሩ ከዚያ በኋላ ነው። ከብሎካችን አንዲት እናት አሉ፤ የውርስ ቤት ጉዳይ ነው የያዙት። ይግባኝ ሰሚው መለሰላቸው። ደስ ብሏቸው ቡና አፈሉልን። ከዚያ ሰባት ወር ተቀመጡ።

«እማማ፣ ቀጠሮዎ መቼ ነው?» አልኳቸው።

«እኔ ምን አውቄ ልጄ፤ ይጠሩኛል።»

«ማን ይጠራዎታል?»

«ፍርድ ቤቱ ነዋ። ላከው አይደል ከላይ?»

ማንም አልጠራቸውም። ግልባጩን አውጥተው፣ ለሥር ፍርድ ቤት የተዘጋው መዝገብ እንዲንቀሳቀስ ማመልከቻ ማስገባት የራሳቸው ሥራ ነበር። ያላስገቡት ማመልከቻ ነው ሰባት ወር የበላቸው። በማግስቱ አብሬያቸው ሄድኩ። መዝገብ ቤት ያለው ልጅ ግልባጩን አገላብጦ አየና «እማማ፣ ይሄ እኮ የባለፈው ዓመት ነው» አላቸው። ነጠላቸውን እያስተካከሉ ዝም አሉ።

ይግባኝ ማለት ከፈለጉ ፍርዱ በተሰጠ በ60 ቀን ውስጥ ነው። ከፍተኛው ፍርድ ቤት የሥሩን ካጸናው ሁለተኛ ይግባኝ የለም፤ መሠረታዊ የሕግ ስህተት አለ ካሉ ወደ ሰበር (በመጨረሻ ውሳኔ ላይ ያለን የሕግ ስህተት ወደሚያርመው ችሎት) ነው። ይህ ለክልል ፍርድ ቤት ጉዳይም ይሠራል፤ የመጨረሻ ውሳኔ ካገኘ በኋላ የፌዴራል ሰበር ሊያየው ይችላል። ሰበር ግን ፍሬ ነገር አያጣራም፤ «ምስክሬ በደንብ አልተሰማም» ይዘው አይሂዱ።

በሌላ አገር «በስድስት ወር ጨርስ» ይባላል ሲሉ ሰማሁ።

ልክ ነው። ህንድ አገር ከፍተኛ ፍርድ ቤቶች በሕገ መንግሥታቸው አንቀጽ 227 የሥር ፍርድ ቤቶችን የመቆጣጠር ሥልጣን አላቸው። በዚያ ተመርኩዘው «ይህን መዝገብ በዚህ ጊዜ ውስጥ ጨርስ» የሚል ትዕዛዝ ይሰጣሉ። ጠቅላይ ፍርድ ቤታቸውም በ2021 እ.ኤ.አ. የአፈጻጸም (የተሰጠን ፍርድ የማስፈጸሚያ) መዝገቦች በስድስት ወር ውስጥ እንዲያልቁ አዟል። በ2023 ደግሞ በ1982 የተከፈተ አንድ የፍትሐ ብሔር ክስ ገና ሲንከባለል አግኝቶ፣ የቆዩ መዝገቦችን ስለ ማፋጠን ለፍርድ ቤቶች ሁሉ መመሪያ ሰጥቷል። ከአርባ ዓመት በላይ! የእኔን አራት ዓመት ተኩል ሳስበው ትንሽ ቀለለኝ።

እንዲህ ያለ ትዕዛዝ መልካም ነው ብዬ አምናለሁ፣ ግን ብቻውን አይበቃም። ዳኛ ፊት ሦስት መቶ መዝገብ ካለና ለአንዱ «ቶሎ» ከተባለ፣ የአንዱ ቀጠሮ ሲያጥር የሌላው ይረዝማል። የሌላው እኔ ልሆን እችላለሁ።

እኛ ጋ ሕግ ቀን ቆርጦ የሰጠው ጉዳይ የለም?

አለ። የሥራ ክርክር። በአዋጅ 1156/2011 የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት የሥራ ክርክር ችሎት ክሱ በቀረበ በ60 ቀን ውስጥ መወሰን አለበት። ይግባኙ በ30 ቀን ውስጥ ይቀርባል። አቃቂ ቃሊቲ ወይም ገላን ፋብሪካ ሠርተው ያለ አግባብ ከሥራ የተባረሩ ከሆነ አቤቱታዎ ላይ ይህን ቁጥር ይጥቀሱት። ሁልጊዜ ይከበራል ብዬ አልዋሽዎትም። ግን ቀን ያለው ሕግ ሲጠቀስ ጨዋታው ይቀየራል።

በጽሑፍ የተረጋገጠ የገንዘብ ዕዳ ከሆነ ደግሞ በአጭር ሥነ ሥርዓት (ቁጥር 284) መክሰስ እንደሚችሉ ጠበቃዎን ይጠይቁ። ብዙ ሰው ቼክና የብድር ውል ይዞ በረጅሙ መንገድ ይሄዳል።

ለልማት የተነሳሁበት ካሳ ነው የዘገየብኝ።

ይህ ሌላ መንገድ ነው። በአዋጅ 1161/2011 መጀመሪያ አቤቱታ ሰሚ አካል፣ ቀጥሎ ይግባኝ ሰሚ ጉባኤ ጋ ነው የሚኬደው። ፍርድ ቤት ከዚያ በኋላ ነው። የሚቆጠሩት ቀኖች አጭር ናቸው፤ ደብዳቤው የደረሰዎት ዕለት ሰው ያማክሩ።

እንባ ጠባቂ ጋ ብሄድስ? ቴሌቪዥን ላይ ብናገርስ?

የሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋም ፍርድ ቤት ያለ ጉዳይ አይመረምርም፤ ማቋቋሚያ ሕጉ ከልክሎታል። ማስረጃ አልሰጥም ያለዎት ቢሮ ላይ ግን አቤት ሊሉ ይችላሉ። ያ የአስተዳደር በደል ነው። ቴሌቪዥኑን እንጃ። ክርክር ላይ ያለ ጉዳይ አደባባይ ወጥቶ የተሻለ ሲሆን አላየሁም።

በሽምግልና ብንጨርስስ?

አዋጅ 1234/2013 ፍርድ ቤት መር አስማሚነት የሚባል ነገር አምጥቷል። ዳኛው ሳይሆን አስማሚ ያወያያችኋል፤ ከተስማማችሁ በፍርድ ቤት ይጸድቃል፣ እንደ ፍርድ ይፈጸማል። ካልተስማማችሁ ወደ ችሎት ትመለሳላችሁ። የድንበር አጥር፣ የውርስ ድርሻ፣ የጎረቤት ውሃ ማፍሰሻ ከሆነ ጉዳዩ እኔ ከመጀመሪያው ቀን ይሞክሩት እላለሁ። ሌላው ወገን ጊዜ ለመግዛት ብቻ የሚቀመጥ ከሆነ ግን ሁለተኛው ስብሰባ ላይ ይታወቅዎታል። ሰዓት ያረፍዳል፣ ሰነድ አያመጣም፣ ቡና ይጋብዛል።

ክረምት ላይስ?

ነሐሴና መስከረም ፍርድ ቤት ዝግ ነው። ተረኛ ችሎት ይኖራል፣ አስቸኳይ ነገር ብቻ ነው የሚያየው። ሐምሌ ላይ ያለ ቀጠሮ ከተበላሸ ወደ ጥቅምት ዘለለ ማለት ነው። የሐምሌ ቀጠሮዎን እንደ ዓይንዎ ብሌን ይጠብቁ።

ጠበቃ የመያዝ አቅም የለኝም።

ክስ ሲከፈት የሚጠየቀውን የዳኝነት ክፍያ መክፈል ካልቻሉ በደሀ ደንብ ለመክሰስ ማመልከት ይቻላል (ከቁጥር 467 ጀምሮ)። ነጻ የሕግ ድጋፍ የሚሰጡ የሕግ ትምህርት ቤቶች አሉ፤ ለሴቶች ደግሞ የኢትዮጵያ ሴት የሕግ ባለሙያዎች ማኅበር አለ። ሰልፍ አለው። በጠዋት ይሂዱ።

ፈረዱልኝ! አለቀ?

አላለቀም፤ አፈጻጸም አለ። ፍርዱ ራሱ ገንዘብ አይደለም። ግልባጭ አውጥተው የአፈጻጸም መዝገብ መክፈት የእርስዎ ፋንታ ነው። ተሸናፊው ይግባኝ ስላለ ብቻ አፈጻጸም አይቆምም (ቁጥር 332)፤ ይግባኝ ሰሚው የዕግድ ትዕዛዝ ካልሰጠ በስተቀር። ተሸናፊው «ይግባኝ ብያለሁ» ሲልዎ «ዕግዱን አሳየኝ» ይበሉት።

አንተስ በመጨረሻ ምን አገኘህ?

ይህን ሳይጠይቅ የሚሄድ ጎረቤት የለም። ፈረዱልኝ። ቀብድ ተቀብሎ ውሉን ያፈረሰ ሰው እጥፍ ይከፍላል ይላል የፍትሐ ብሔር ሕጉ፣ እጥፉን ተፈረደልኝ። አፈጻጸሙ ደግሞ ስምንት ወር ጨመረ። ብሩ ሲገባልኝ ልገዛው የነበረው ቤት ዋጋ ሦስት እጥፍ ሆኖ ነበር። በእጥፉ ቀብድ አሁን የምኖርበትን ኮንዶሚኒየም ኩሽና አሳደስኩበት። ደብተሩ እዚያው ኩሽና ውስጥ መሳቢያ ውስጥ ነው። የሚፈልግ መጥቶ ፎቶ ያነሳዋል።